አንድ ቀን በሁለት ዘመን
ስለ ተደራራቢ አቆጣጠሮች ታሪክና ለሕግ ሥራችን ስላላቸው አደጋ

መግቢያ

የመጽሔታችን አዘጋጆች ለዘንድሮው እትም ከሙያችን ታሪክ አንድ ጉዳይ መርጬ እንድጽፍ በጠየቁኝ ጊዜ፣ መጀመሪያ ያሰብሁት ስለ ሕግጋቶቻችን አወጣጥ ለመጻፍ ነበር። ሐሳቤን ያስለወጠኝ አንድ ወጣት የሥራ ባልደረባዬ ያነበበው ልብ ወለድ ነው። በልብ ወለዱ ውስጥ ሊቃውንት አዲስ ሳይንስ አቋቁመዋል፤ የሳይንሱም ተግባር በአንድ ቦታና በአንድ ጊዜ ተደራርበው የሚገኙ ሁለት ዓለማትን መመርመር ነው። ሁለቱም ዓለማት እውነተኞች ናቸው፤ ሁለቱም በየራሳቸው ሕግ ይመራሉ። ችግሩ የሚነሣው አንድ ሰው ሳያውቀው ከአንዱ ወደ ሌላው የተሻገረ እንደሆነ ነው። ያን ጊዜ በአንደኛው ዓለም ሕያው የነበረው ነገር በሌላኛው ሙት ሆኖ ይገኛል።

ባልደረባዬ የደራሲውን ምናብ እያደነቀ ሲተርክልኝ፣ እኔ በልደታ ፍርድ ቤት ግቢ መዝገብ ታቅፌ የተመላለስሁባቸውን ዓመታት አስብ ነበር። «ይህ ለሌላው ሕዝብ ምናብ ይሆን ይሆናል፤ ለእኛ ግን የዘወትር ኑሮ ነው» አልሁት። እንደሚታወቀው ኢትዮጵያዊ ሰው በአንድ ጠዋት ሁለት ዓመተ ምሕረት፣ ሁለት ወር፣ ሁለት ቀንና ሁለት ሰዓት ይዞ ከቤቱ ይወጣል። በቀጠሮ ወረቀቱ ላይ ያለው ቀን አንድ ነው፤ በባንክ ደብተሩ ላይ ያለው ሌላ ሊሆን ይችላል። ከሁለቱ አንዱም ሐሰት አይደለም። ይሁን እንጂ ሁለቱ እውነቶች በሚገጣጠሙበት ስፌት ላይ የሰው መብት፣ የሰው ገንዘብ፣ አንዳንዴም የሰው ሕይወት ሊወድቅ ይችላል። የዚህ ጽሑፍ ዓላማ ያ ስፌት ከየት እንደ መጣ፣ አባቶቻችን እንዴት እንደ ጠበቁትና እኛስ እንዴት ልንጠብቀው እንደሚገባን ለማሳየት ነው።

ልደታ፤ ሁለቱ ዘመናት የተገናኙባት ሠፈር

ለዚህ ነገር ከልደታ የተሻለ ምሳሌ የሚሆን ሠፈር በአዲስ አበባ ማግኘት ያስቸግራል። ሠፈሩ ስሙን ያገኘው ከልደታ ለማርያም ቤተ ክርስቲያን ነው። ዓመታዊው በዓል ግንቦት 1 ቀን ይውላል፤ በዚያ ቀን ጎረቤት ከጎረቤት ተሰባስቦ ከደጅ ንፍሮ ቀቅሎ እንደሚበላ የማያውቅ የለም። ይኸው ቀን በጎርጎርዮስ አቆጣጠር ግንቦት የሚባለው ወር መጀመሪያ አይደለም፤ የሜይ ወር 9ኛው ቀን ነው። በአኃዝ ብቻ የተጻፈ እንደሆነ ለእኛ 1/9፣ ለሌላው 9/5 ይሆናል ማለት ነው። አንባቢ ይህን ነገር ልብ ይበልልኝ፤ ወደ ኋላ ተመልሰን እናገኘዋለንና።

በዚህችው ሠፈር የከተማይቱ የመጀመሪያ ዘመን የአየር ማረፊያ ነበረ፤ ቦታው ዛሬም አሮጌው ኤርፖርት በመባል ይታወቃል። የኢትዮጵያ አየር መንገድ የተቋቋመው ታኅሣሥ 12 ቀን 1938 ዓ.ም. ሲሆን፣ በአሥመራ በኩል ወደ ካይሮ ያደረገው የመጀመሪያው መደበኛ በረራ የተነሣው መጋቢት 30 ቀን 1938 ዓ.ም. ነው። እንግዲህ በእኛ አቆጣጠር ድርጅቱ በተቋቋመበት ዓመት መብረር ጀመረ። በኤውሮፓውያን አቆጣጠር ግን ምሥረታው ዲሴምበር 21 ቀን 1945፣ በረራው ኤፕሪል 8 ቀን 1946 ላይ ይውላል፤ ስለዚህ በተቋቋመ በማግሥቱ ዓመት በረረ ይባላል። ሁለት ታሪክ ጸሐፊዎች በዚህ ጉዳይ ቢከራከሩ ሁለቱም አልዋሹም።

በአየር ማረፊያው የነበረው ሠራተኛ ደግሞ ከዓመቱ ይልቅ የሚያስጨንቀው ሰዓቱ ነበር። በዓለም ዙሪያ የአየር በረራ ሥራ የሚካሄደው በግሪንዊች ሰዓት ነው። ከግሪንዊች ጋር ያለን ልዩነት ሦስት ሰዓት ነው። ስለዚህ አብራሪው በመዝገቡ 5 ሰዓት ብሎ የጻፈው ቅጽበት፣ በተሳፋሪው ቲኬት ላይ 8 ሰዓት ተብሎ ይታተማል፤ ተሳፋሪውን ለመሸኘት የመጣው ዘመድ ግን እጁን ተመልክቶ «ገና ከጠዋቱ 2 ሰዓት ነው» ይላል። ሦስት ሰዓቶች በአንድ ሜዳ ላይ፣ ስለ አንዲት ቅጽበት የሚናገሩ ናቸው። አየር መንገዶች ከዚህ የተነሣ ሊደርስ የሚችለውን አደጋ የተከላከሉት ሁለቱን ሰዓት በመሻር አይደለም። እያንዳንዱ ጽሑፍ በየትኛው ሰዓት እንደ ተጻፈ እንዲናገር በማስገደድ ነው። ይህ ትምህርት ለሕግ ባለሙያም ይበቃል።

አየር ማረፊያው ወደ ቦሌ ከተዛወረ በኋላ ልደታ ለእኛ ለሕግ ሰዎች የችሎት ሠፈር ሆነች። አውሮፕላን ይነሣባት ከነበረው ሠፈር አሁን የሚነሣው ክርክር ነው፤ ነገር ግን ያ የቆየ የመደራረብ ጣጣ ከሠፈሩ አልለቀቀም።

መደራረቡ ከየት መጣ

አቆጣጠራችን ከሌላው ዓለም በሰባት ወይም በስምንት ዓመት ወደ ኋላ የሚለይበትን ምክንያት ብዙ ሰው «እኛ ስለ ዘገየን ነው» እያለ ሲያላግጥ ይሰማል። ነገሩ ግን የመዘግየት ጉዳይ ሳይሆን የስሌት ጉዳይ ነው። በ5ኛው መቶ ዓመት መጀመሪያ አኒያኖስ የሚባለው የእስክንድርያ መነኩሴ ከዓለም ፍጥረት እስከ ሥጋዌ ያለውን ጊዜ 5,500 ዓመት አድርጎ ቀመረ። የእኛ ቤተ ክርስቲያን የተቀበለችው ይህንን ነው። ከእርሱ በኋላ እ.ኤ.አ. በ525 ዲዮናስዮስ የሚባል በሮም የሚኖር መነኩሴ ሌላ ስሌት አወጣ፤ ኤውሮፓውያን የያዙት የእርሱን ነው። ሁለቱም ሊቃውንት ስለ አንድ ልደት ይናገሩ ነበር፤ ግን በተለያየ ዓመት ላይ አስቀመጡት።

በዚህ ላይ ሁለተኛ ልዩነት ተጨመረ። እ.ኤ.አ. በ1582 ጳጳሱ ጎርጎርዮስ 13ኛ የቀድሞው የዩልዮስ አቆጣጠር ከፀሐይ ጉዞ እየራቀ መሄዱን አይተው ዐሥር ቀን እንዲዘለል አዘዙ። በዚያ ዓመት ከኦክቶበር 4 ቀን ቀጥሎ የመጣው ኦክቶበር 15 ነበር። በተጨማሪም በየመቶው ዓመት የሚመጣው የሠግር ቀን፣ ዓመቱ ለ400 ካልተካፈለ በስተቀር፣ እንዲቀር ወሰኑ። እኛ ግን በየአራት ዓመቱ ጳጉሜን 6 ማድረጉን ሳናቋርጥ ቀጠልን። ከዚህም የተነሣ በሁለቱ መካከል ያለው ርቀት ራሱ የቆመ አይደለም፤ በዝግታ ይራመዳል።

ለዚህ ምስክር የሚሆነን ትልቁ ቀናችን ነው። የዐድዋ ጦርነት የተደረገው የካቲት 23 ቀን 1888 ዓ.ም. መሆኑን ሕፃን ሁሉ ያውቃል። ያ ዕለት በኤውሮፓውያን መጻሕፍት ማርች 1 ቀን 1896 ተብሎ ተመዝግቧል፤ ትክክልም ነው። ዛሬ ግን የካቲት 23 ስናከብር የኤውሮፓውያኑ ቀን ማርች 2 ነው። ስሕተት የፈጸመ ማንም የለም። በመካከሉ እ.ኤ.አ. የ1900 ዓመት አለፈ፤ በዚያ ዓመት ኤውሮፓውያን የሠግርን ቀን ሲያስቀሩ እኛ አላስቀረንም። እ.ኤ.አ. በ2100 ደግሞ ርቀቱ በአንድ ቀን እንደገና ይጨምራል። እንግዲህ አንድ የታሪክ ሰነድ ሲቀየር የዛሬውን ልዩነት በ19ኛው መቶ ዓመት ላይ የሚጭን ሰው የአንድ ቀን ስሕተት ይሠራል ማለት ነው።

አባቶቻችን ለዚህ ነገር ሳይንስ አቁመውለት ነበር። ስሙም ባሕረ ሐሳብ ነው። በትውፊት ለእስክንድርያው ሊቀ ጳጳሳት ለድሜጥሮስ የሚሰጠው ይህ ትምህርት የሚመረምረው ተደራራቢ ጊዜያትን ነው፤ የፀሐይን ዓመት፣ የጨረቃን ዓመትና የሰባቱን ዕለታት ዙር። እያንዳንዳቸው በራሳቸው መንገድ ይዞራሉ፤ መገናኛቸውን የሚያውቅ ግን ጾምና በዓል መቼ እንደሚውል ያውቃል። ለምሳሌ 1997 ዓ.ምን እንውሰድ። 5,500 ሲደመርበት ዓመተ ዓለሙ 7,497 ይሆናል። ለ4 ሲካፈል 1 ስለሚተርፍ ዘመኑ ዘመነ ማቴዎስ ነው። ለ19 ሲካፈል 11 ይተርፋል፤ አንድ ሲቀነስለት ወንበሩ 10 ነው። ወንበሩ በ11 ተባዝቶ በ30 ሲገደፍ አበቅቴው 20 ይሆናል፤ በ19 ተባዝቶ በ30 ሲገደፍ መጥቅዑ 10 ይሆናል። አበቅቴና መጥቅዕ ሲደመሩ 30 ናቸው፤ ሠላሳ ካልመጣ ተማሪው ስሌቱን እንደ ገና ይጀምራል። የድካማቸው ፍሬ ያለው በዚህ መፈተኛ ላይ ነው፤ ሁለት ቁጥሮች አንዱ ለሌላው ዳኛ ሆነው እንዲቆሙ ተደርገዋል። ኦስትሪያ አገር ተወልዶ አሜሪካ ያስተማረው የጥንት ሥነ ፈለክ ሊቅ ኦቶ ኖይገባወር እ.ኤ.አ. በ1979 ስለ ኢትዮጵያ ሥነ ፈለክና ስለዚሁ ቀመር መጽሐፍ ማሳተሙ፣ የእኛው ጌታቸው ኃይሌም በዚህ ትምህርት ላይ ሰፊ መጽሐፍ ማዘጋጀታቸው የነገሩን ክብደት ያመለክታል።

አደጋውንም አልዘነጉትም ነበር። በመጽሐፈ ሄኖክ የሥነ ፈለክ ክፍል ሰዎች ከዓመቱ ስሌት አራቱን ቀናት እየዘነጉ እንደሚስቱ፣ ከዚያም የተነሣ ጊዜያቸው እንደሚዛባባቸው የሚያስጠነቅቅ ቃል አለ። ያ ማስጠንቀቂያ ለኃጢአተኛው ብቻ አይደለም፤ ለጠበቃም ይሆናል።

አንድ ወረቀት፣ ሁለት እውነት

በሕግና በመንግሥት ሥራ በኩል የመደራረብን አደጋ ከሁሉ አስቀድሞ ያስተማረን የውጫሌ ውል ነው። ውሉ የተፈረመው ሚያዝያ 25 ቀን 1881 ዓ.ም. በዐፄ ምኒልክና በኢጣልያው መልእክተኛ በኮንት አንቶኔሊ መካከል ነው። ቀኑ አንድ፣ ውሉ አንድ፣ አንቀጹም 17ኛው አንቀጽ ነው። ነገር ግን በአማርኛው ቃል ንጉሠ ነገሥቱ ከሌሎች መንግሥታት ጋር ለሚያደርጉት ጉዳይ በኢጣልያ መንግሥት ለመገልገል ይችላሉ ሲል፣ የኢጣልያንኛው ግዴታ አድርጎ ጻፈው። በአንደኛው ዓለም ኢትዮጵያ ነጻ መንግሥት ነበረች፤ በሌላኛው በሞግዚት የምትተዳደር አገር ሆነች። ሁለቱም ዓለማት በአንድ ወረቀት ላይ፣ ከአንድ ፊርማ በላይ ተጽፈው ነበር። ያን ስፌት ለመፍታት ዐድዋ አስፈለገ፤ ውሉም የተሰረዘው ከድሉ በኋላ በጥቅምት ወር 1889 ዓ.ም. በአዲስ አበባ በተፈረመው የሰላም ውል ነው።

ከዚያ ወዲህ መንግሥታችን ሕግ ሲያወጣ ይህን አልረሳውም ለማለት ይቻላል። በ1934 ዓ.ም. ነጋሪት ጋዜጣ መታተም ሲጀምር አማርኛውና እንግሊዝኛው ጎን ለጎን በሁለት ዓምድ ቆሙ። ከዚያ ጊዜ ጀምሮ ሕጋችን በአንድ ገጽ ላይ በሁለት ቋንቋ፣ በሁለት ዘመንም ይኖራል። የፍትሐ ብሔር ሕጉን እኛ «የ1952 ዓ.ም.» ስንለው ሌላው «የ1960» ይለዋል፤ መጽሐፉ ግን አንድ ነው። ረቂቁን ፈረንሳዊው ሊቅ ረኔ ዳቪድ በራሱ ቋንቋ ስላዘጋጀው በአንዱ ሕግ ላይ ሦስት ቋንቋዎች ተደራርበዋል። ሕገ መንግሥታችን በአማርኛው ዓምድ አዋጅ ቁጥር 1/1987፣ በእንግሊዝኛው 1/1995 ነው። የወንጀል ሕጉም እንደዚሁ 414/1996 እና 414/2004 እየተባለ ይጠራል።

ሁለቱ ዓምዶች የተለያዩ እንደሆነ የትኛው እንደሚጸና ግን በግልጽ ተወስኗል። ሕገ መንግሥቱ በ106ኛው አንቀጽ የአማርኛው ቅጂ የመጨረሻው ሕጋዊ እውቅና ያለው መሆኑን ደንግጓል። ይህ የውጫሌ ትምህርት ነው። ለቋንቋው ይህን ያህል የተጠነቀቅን ሰዎች ለቀኑ ግን እንደዚያው አልተጠነቀቅንም። በመንግሥት አዋጅ ላይ ያለው ጥንቃቄ በግል ሰዎች ውል ላይ ሲደርስ ይላላል፤ ጉዳቱም የሚደርሰው እዚያ ነው።

በራሴ የደረሰ

ይህን የምለው ከመጽሐፍ አግኝቼ ብቻ አይደለም። በ2001 ዓ.ም. በኅዳር ወር አንዲት ያረጁ እናት ወደ ቢሮዬ መጡ። ለአንድ ነጋዴ 40,000 ብር አበድረው ነበር። በእጃቸው የነበረው ማስረጃ በእንግሊዝኛ የተዘጋጀ አንድ ገጽ ወረቀት ነው። ፊርማ አለው፣ የምስክሮች ስም አለው፤ የተፈረመበት ቀን ግን አልተጻፈበትም። የተጻፈው ዕዳው የሚከፈልበት ቀን ብቻ ነው፤ እርሱም «ሰኞ፣ 1/9/97» ይላል።

ወረቀቱ በእንግሊዝኛ ስለሆነ ቀኑንም በዚያው ዓለም አነበብሁት፤ ሴፕቴምበር 1 ቀን 1997። በፍትሐ ብሔር ሕግ ቁጥር 1845 መሠረት ከውል የሚመነጭ መብት በዐሥር ዓመት በይርጋ ይታገዳል። ዐሥሩ ዓመት እ.ኤ.አ. ሴፕቴምበር 1 ቀን 2007 ሞልቷል፤ ሴትዮዋ ከመጡ ደግሞ ዓመት ከሁለት ወር አልፎታል። ለጥንቃቄ ስል ዕለቱን አመሳከርሁ፤ ያ ቀን በእርግጥም ሰኞ ነበር። ስለዚህ ያለ ጥርጥር «እማማ፣ ጊዜው አልፏል፤ መብትዎ በይርጋ ታግዷል» አልኋቸው።

እርሳቸውም ወረቀቱን ከጠረጴዛዬ ላይ እያነሡ «ልጄ፣ ወረቀቱ በፈረንጅ ቋንቋ ቢጻፍ ገንዘቡም ቀኑም የፈረንጅ ይሆናል እንዴ? እኔ እኮ በቀጠሮው ቀን ከጎረቤቴ ጋር ሄጄ ጠይቄዋለሁ። የልደታ ዕለት ነበር። ከደጁ ተሰብስበው ንፍሮ ሲበሉ አገኘነው፤ ለእኛም ንፍሮ ዘገነልን እንጂ ገንዘብ አልሰጠንም» አሉኝ።

ያን ጊዜ ደነገጥሁ። 1/9 የግንቦት ወር መጀመሪያ ነው፤ 97ም 1997 ዓ.ም. ሊሆን ይችላል። ቀን መቁጠሪያ አወጣሁ። ግንቦት 1 ቀን 1997 ዓ.ም. እ.ኤ.አ. ሜይ 9 ቀን 2005 ነው፤ ያም ቀን ሰኞ ነበር! መፈተኛ ይሆነኛል ያልሁት ዕለት ለሁለቱም ዓለማት እኩል መሰከረ። በአንደኛው ንባብ የሴትዮዋ መብት ከሞተ ከዓመት በላይ ሆኖታል፤ በሌላኛው ገና እስከ ግንቦት 1 ቀን 2007 ዓ.ም. ይኖራል። በሁለቱ ንባቦች መካከል ያለው ርቀት ከሰባት ዓመት ከስምንት ወር በላይ ነው። ወረቀቱ ግን አንድ ነው።

ክስ መሠረትን። እንደ ጠበቅሁትም ተከሳሹ በመጀመሪያ ደረጃ መቃወሚያው ይርጋን አነሣ፤ ወረቀቱ በእንግሊዝኛ የተጻፈ ስለሆነ ቀኑም በዚያው አቆጣጠር ሊነበብ ይገባል ሲል ተከራከረ። ከ500 ብር በላይ የሆነ ብድር በምስክር ሊረጋገጥ እንደማይችልም አስታወሰ። እኛም ብድሩን የሚያስረዳው ጽሑፉ እንደሆነ፣ ምስክሯ የቀረቡት ጽሑፉን ለመቃወም ሳይሆን በየትኛው አቆጣጠር እንደ ተጻፈ ለማስረዳት መሆኑን ተናገርን። ጎረቤታቸው ቀርበው ስለ ንፍሮው፣ ከደጅ ስለ ተቀመጡት ሰዎች፣ ነጋዴውም «በሳምንቱ ተመለሱ» ብሎ ስላሰናበታቸው ቃላቸውን ሰጡ። ሴፕቴምበር 1 ቀን 1997 በእኛ አቆጣጠር ነሐሴ 26 ቀን 1989 ዓ.ም. ነው፤ በዚያ ቀን የልደታ ንፍሮ የሚቀቅል የለም። ፍርድ ቤቱ መቃወሚያውን ሳይቀበለው ቀረ፤ ክርክሩም በፍሬ ነገሩ ቀጥሎ ለሴትዮዋ ተፈረደላቸው።

ሰዎች ይህን ስነግራቸው እንደ ድል ታሪክ ይሰሙታል። እኔ ግን የማስታውሰው ሌላውን ነው። ሴትዮዋ ዝም ብለው ቢወጡ ኖሮ መብታቸውን ያሳጣኋቸው ተከሳሹ ሳይሆን እኔ፣ የራሳቸው ጠበቃ፣ እሆን ነበር። በዚያው ሰኞ፣ ግንቦት 1 ቀን 1997 ዓ.ም.፣ አዲሱ የወንጀል ሕግ መጽናት መጀመሩን እንደ ማንኛውም ባልደረባዬ በቃሌ አውቀው ነበር። የሕጉን ቀን በሁለቱም ዘመን የማውቅ ሰው የአንዲት እናትን ቀን በአንዱ ዘመን ብቻ ማንበቤ እስከ ዛሬ ይቆረቁረኛል።

ስፌቱ የሚተረተርባቸው ቦታዎች

ከዚያ ወዲህ እንዲህ ያለ ነገር የት የት እንደሚደበቅ ልብ እያልሁ መያዝ ጀመርሁ። ሦስቱን ብቻ እጠቅሳለሁ።

አንደኛው የዕድሜ ጉዳይ ነው። ብዙ ሰው ዓመትን ለመለወጥ ሁልጊዜ ስምንት መደመር የሚበቃ ይመስለዋል። ከመስከረም 1 ቀን እስከ ኤውሮፓውያኑ አዲስ ዓመት ዋዜማ ድረስ ግን የሚደመረው ሰባት ነው፤ ስምንት የሚሆነው ከጃንዋሪ 1 ቀን፣ ይኸውም ከታኅሣሥ 23 ጀምሮ ነው፤ በዘመነ ዮሐንስ ደግሞ ከታኅሣሥ 22 ጀምሮ ነው። ኅዳር 5 ቀን 1990 ዓ.ም. የተወለደ ልጅ የተወለደው እ.ኤ.አ. ኖቬምበር 14 ቀን 1997 ነው። ስምንት ደምሮ 1998 የሚል ጸሐፊ አንድ ዓመት አሳነሰው። በግንቦት ወር ለተወለደው ሰባት ቢደምር ደግሞ አንድ ዓመት አስረጀው። የወንጀል ሕጋችን በ9፣ በ15 እና በ18 ዓመት ላይ ድንበር አድርጓል፤ ወንጀሉ ሲፈጸም 18 ዓመት ያልሞላው ሰው የሞት ቅጣት ሊፈረድበት አይችልም። አንድ ዓመት በወረቀት ላይ ትንሽ ቁጥር ናት፤ በዚህ ድንበር ላይ ስትወድቅ ግን የሰው ነፍስ ታህላለች።

ሁለተኛው የይርጋ መጨረሻ ቀን ነው። መስከረም 1 ቀን 1996 ዓ.ም. ሊከፈል የሚገባ ዕዳ ነበረ እንበል። ያለፈው ዓመት ዘመነ ሉቃስ ስለ ነበረና ጳጉሜን 6 ስለሆነች ያ ቀን እ.ኤ.አ. ሴፕቴምበር 12 ቀን 2003 ነው። ዐሥር ዓመት በእኛ አቆጣጠር ብንቆጥር መስከረም 1 ቀን 2006 ዓ.ም. ላይ እንደርሳለን፤ እርሱም ሴፕቴምበር 11 ቀን 2013 ነው። በኤውሮፓውያን አቆጣጠር የቆጠረ ግን ሴፕቴምበር 12 ላይ ይደርሳል። ያ የአንድ ቀን ልዩነት በመጨረሻው ቀን ክስ ለሚያቀርብ ሰው ሁሉ ነገር ነው።

ሦስተኛው የሌሊት ሰዓት ነው። ምስክር «ሰኞ ሌሊት በ8 ሰዓት» ብሎ ቃሉን ይሰጣል። በእርሱ አእምሮ ሌሊቱ የሰኞ ጭራ ነው። በሌላው አቆጣጠር ግን እኩለ ሌሊት ካለፈ ሁለት ሰዓት ሆኗል፤ ቀኑም ማክሰኞ ነው። የስልክ ጥሪ ዝርዝር ቢቀርብ «ማክሰኞ፣ 2 ሰዓት» የሚል ይሆናል። ልምድ የጎደለው ጠያቂ ምስክሩን የዋሸ አስመስሎ ሊያሳይ ይችላል፤ ሰውዬው ግን እውነቱን ነው የተናገረው። የሚደንቀው ቋንቋችን ለዚህ መድኃኒቱን አስቀድሞ ያዘጋጀ መሆኑ ነው፤ «ሰኞ ለማክሰኞ አጥቢያ» የሚለው አነጋገር ሁለቱን ቀኖች በአንድነት ጠርቶ ሌሊቱን በመካከላቸው ያስቀምጠዋል። ከዚህ የተሻለ ትክክለኛ አገላለጽ በየትኛውም የምርመራ ቅጽ ላይ አላየሁም።

መደምደሚያ

አንዳንድ ወዳጆቼ ይህን ሁሉ ጣጣ ለማስወገድ አንደኛውን አቆጣጠር መተው ይሻላል ይላሉ። እኔ አልስማማም። ዘመን ቆጠራችን በሕዝቡ ውስጥ የሚኖር ነው፤ ያቺን እናት ያዳናት የልደታ ንፍሮ እንጂ የእኔ የግድግዳ ቀን መቁጠሪያ አልነበረም። ሌላውንም አቆጣጠር መተው አይቻልም፤ ከዓለም ጋር የምንገበያይበት፣ የምንበርበትና የምንዋዋልበት ነውና። ሁለቱ ዘመናት ተደራርበው ይኖራሉ። ተግባራችን ስፌቱን መጠበቅ ነው።

ስለዚህ ለማኅበራችን አባላት፣ በተለይም አዲስ ለገቡት ወጣት ባልደረቦቻችን፣ ከተሞክሮዬ የማቀርበው ምክር አጭር ነው። ቀን በምትጽፉበት ጊዜ ወሩን በስሙ ጻፉት፤ በአኃዝ ብቻ አትተዉት። ዓመቱን አራቱንም አኃዝ ጻፉ፤ ከኋላውም ዓ.ም. ወይም እ.ኤ.አ. የሚለውን ጨምሩበት። ሰዓት ስትጽፉ ጠዋት፣ ቀን፣ ማታ ወይም ሌሊት መሆኑን ግለጡ፤ የሌሊትን ነገር ደግሞ በአጥቢያው ጥሩት። ወረቀቱ ከአንዱ ቋንቋ ወደ ሌላው የሚሻገር እንደሆነ ሁለቱንም ቀን ጎን ለጎን አኑሩና፣ እንደ አበቅቴና እንደ መጥቅዕ፣ አንዱ ሌላውን ይፈትን።

ከሁሉ በላይ ግን አንድ ሰው የተጻፈ ቀን ይዞ ወደ ቢሮአችሁ ሲመጣ፣ «ጊዜው አልፏል» ከማለታችሁ በፊት በየትኛው ዘመን እንደሚናገር ጠይቁት። እኔ ይህን ጥያቄ ሳልጠይቅ በመቅረቴ አንዲት እናት ልትጎዳ ነበር፤ ከእኔ በኋላ የሚመጣ ባልደረባ በዚያው ስፌት ላይ እንዳይሰናከል ብዬ ይህን ጽፌአለሁ።